ቆቃን የሚወክላት ማን ነው?

የምርጫ ክልል እንዴት ይሠራል?

ቆቃ በምሥራቅ ሸዋ ዞን፣ በሉሜ ወረዳ ትገኛለች። ነዋሪዋ በጠቅላላ ምርጫ ለሁለት ምክር ቤቶች ድምፅ ይሰጣል፦ አዲስ አበባ ለሚሰበሰበው የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤትና ስብሰባውን አዳማ ለሚያደርገው ጨፌ ኦሮሚያ። ለፌዴራሉ ምክር ቤት አገሪቱ በ547 የምርጫ ክልሎች ተከፍላለች፤ 178ቱ ኦሮሚያ ውስጥ ናቸው። እያንዳንዱ የምርጫ ክልል ወረዳንና የሕዝብ ብዛትን መነሻ አድርጎ ይካለላል፣ አንድ ተወካይም ይልካል። ለማሸነፍ ከግማሽ በላይ ድምፅ ማግኘት ግድ አይደለም፤ ከሌሎቹ እጩዎች መብለጥ ይበቃል።

ከመኳንንት ወደ መራጭ

በ1923ቱ ሕገ መንግሥት እንደራሴዎቹን የሚመርጡት መኳንንቱና ሹማምንቱ ነበሩ። በ1948 የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ሕዝቡ በቀጥታ እንዲመርጥ ፈቀደ፤ 200,000 ያህል ሰው የሚኖርበት የምርጫ ወረዳ ሁለት እንደራሴ ይልክ ጀመር። ፓርቲ አልነበረም፤ እጩውም ባለንብረት መሆን ነበረበት። ስለዚህ ጭሰኛው መምረጥ ቢችልም ለመመረጥ ሕጉ አያቀርበውም ነበር፤ በእኔ እምነት የዘመኑ ትልቁ ጉድለት ይኸው ነው። በ1952 አዋሽ ቆቃ ላይ ተገድቦ መብራት ሲያመነጭ፣ የአካባቢው ገበሬ የነበረው ድምፅ ይህን ያህል ብቻ ነበር። ደርግ በ1979 ያስመረጠው ብሔራዊ ሸንጎም የአንድ ፓርቲ፣ የኢሠፓ፣ ቤት ነበር።

ሕዝቡ አደገ፣ መቀመጫው አልጨመረም

በ1987 ቆጠራ የአገሪቱ ሕዝብ 53 ሚሊዮን ግድም ነበር። ለ547 ብናካፍለው ለአንድ ተወካይ ወደ 98,000 ሰው ይደርሳል። በ1999 ቆጠራ ሕዝቡ ወደ 74 ሚሊዮን ሲጠጋ ድርሻው 135,000 ገደማ ሆነ። ዛሬ ሕዝቡ ከ100 ሚሊዮን በላይ ነው፤ የአንዱ ተወካይ ሸክም ከ180,000 ያልፋል ማለት ነው።

አሁን በሥራ ላይ ያለው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 103 ቆጠራ በየ10 ዓመቱ እንዲካሄድ፣ ምርጫ ቦርድ በሚያቀርበው ረቂቅ ላይ ተመሥርቶም የፌዴሬሽን ምክር ቤት የምርጫ ክልሎችን እንዲወስን ያዝዛል። በ2011 ታቅዶ የነበረው ቆጠራ ግን ተራዘመ። ቢካሄድም የምክር ቤቱ አባላት ከ550 መብለጥ ስለማይችሉ፣ መስመሩ ይስተካከላል እንጂ መቀመጫው ብዙም አይጨምርም። እንደ ሞጆና አዳማ ያሉ ፈጥነው የሚያድጉ ከተሞች ሲኖሩ ደግሞ አሮጌው መስመር የአንዱን መራጭ ድምፅ ከሌላው ያቀልላል።

ምርጫ ሲጠብ

በ2002 ገዢው ግንባር ኢሕአዴግና አጋሮቹ ከ547ቱ መቀመጫ 545ቱን፣ በ2007 ሁሉንም ወሰዱ። በ2013 ደግሞ ተቃዋሚዎቹ ኦፌኮና ኦነግ ስላልተወዳደሩ ብዙ የኦሮሚያ መራጭ ያገኘው አማራጭ ጠባብ ነበር።

የሐይቁ ጉዳይ የማን ነው?

የቆቃ ሐይቅ ሉሜን፣ ቦራንና አዳማ ወረዳን ያዋስናል። በሞጆ ወንዝ በኩል የቆዳ ፋብሪካዎች ፍሳሽ፣ በአቃቂና በአዋሽ በኩልም የአዲስ አበባ ቆሻሻ ይደርሰዋል። ታዲያ ዓሣ አስጋሪው ስለ ውሃው አቤት የሚለው ለየትኛው ተወካይ ነው? የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 54 የተወካዮች ምክር ቤት አባላት የመላው ሕዝብ ተወካዮች እንደሆኑ ይደነግጋል። ስለዚህ የቆቃ ሰው አቤቱታውን ለራሱ ተመራጭ፣ ውሃው ከላይ ለሚያልፍባቸው አካባቢዎች ተመራጮችም ማቅረብ ይችላል፤ የመረጠው ተወካይ አመኔታውን ካጎደለም ያው አንቀጽ ውክልናውን የሚያጣበትን መንገድ ከፍቷል።