የዘገየ ፍርድ

ባለጸጋ ነጋዴ ጨውን ከገዛበት ዋጋ በታች ቢሸጥ ገዢ ሁሉ ወደ እርሱ ይሄዳል። ድኻው ነጋዴ ከገበያ ሲወጣ ግን ባለጸጋው ዋጋውን እንደ ወደደ ያወጣዋል።

በእንግሊዝ አገር ብሪስቶል በምትባል ከተማ፣ እንደ ኤውሮጳ አቆጣጠር በ2002 ዓ.ም. አይሴራ የሚባል ትንሽ ኩባንያ ተቋቋመ። ሥራውም ቺፕ ማዘጋጀት ነበረ። ይህ ቺፕ እንደ ጥፍር ያነሰ ዕቃ ሲሆን ስልክና ኮምፒዩተር ያለ ሽቦ መልእክት እንዲልኩና እንዲቀበሉ ያደርጋል። አይሴራም በብልሃቱ ታወቀ።

በዚያ ገበያ ላይ ግን ኳልኮም የሚባል ታላቅ የአሜሪካ ኩባንያ ሠልጥኖ ነበረ። የኤውሮጳ ኮሚሽን መርምሮ እንደ ፈረደው፣ ኳልኮም ከ2009 እስከ 2011 ዓ.ም. አንዳንድ ቺፖችን ለሁለት ታላላቅ ገዢዎች ከወጪው በታች ሸጠ፤ ይህንም ያደረገው አይሴራን ከገበያ ለማስወጣት ነው።

በ2011 ዓ.ም. ኤንቪዲያ የሚባል ሌላ የአሜሪካ ኩባንያ አይሴራን በ367 ሚሊዮን ዶላር ገዛው። ነገር ግን የስልኩ ገበያ ስላልቀናው በ2015 ዓ.ም. ያንን ሥራ ለመዝጋት ቈረጠ፤ ብዙ ሠራተኞችም ከሥራቸው ተለዩ።

ኮሚሽኑ በኳልኮም ላይ የ242 ሚሊዮን ኤውሮ ቅጣት የፈረደው በ2019 ዓ.ም. ነው። በ2024 ዓ.ም. ዳኞች ቅጣቱን በጥቂቱ ቀነሱት እንጂ ፍርዱን አልሻሩትም። አይሴራ ግን አስቀድሞ ፈርሶ ነበረ።

እንግዲህ ርካሽ ዋጋ ሁሉ በጎ አይደለም፤ ባልንጀራን ለመጣል የወረደ ዋጋ ወጥመድ ነው። ፍርድም በጊዜው ካልደረሰ፣ «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» እንደሚባለው ይሆናል።