የቃር መድኃኒት ለሚገዛ ልጄ

ልጄ፣ ከቦሌ ቢሮህ ወጥተህ፣ መገናኛ ላይ ተሰልፈህ አያት እስክትደርስ ምሽት ሦስት ሰዓት ያልፋል። እራት በልተህ ወዲያው ትተኛለህ። ሌሊት ደረትህ ይቃጠላል፤ ኮምጣጣው ጉሮሮህ ድረስ ይመጣል። ጠዋት መድኃኒት ቤት ጎራ ብለህ «የጨጓራ ስጡኝ» ትላለህ። እንግዲህ ስማኝ።

1. የሚሰጥህ ምን እንደሆነ ጠይቅ። አሉሚኒየምና ማግኒዥየም ያለበት ነጩ ሽሮፕ ጨጓራህ ውስጥ ያለውን አሲድ በደቂቃዎች ያለዝባል፤ ግን ቶሎ ያልቃል። አልፎ አልፎ ለሚመጣ ቃር እሱ ይበቃል። ፋሞቲዲን ዘግየት ብሎ ይጀምርና እስከ ግማሽ ቀን ይዘልቃል። ኦሜፕራዞል ከሁሉም ይበረታል፤ ሙሉ ኃይሉን የሚያሳየው ግን ከአንድ እስከ አራት ቀን ቆይቶ ነው። ቤት የተረሳ ራኒቲዲን ካለ ተወው፤ ካንሰር ሊያመጣ የሚችል ንጥረ ነገር ስለተገኘበት በ2020 እ.ኤ.አ. የአሜሪካ መድኃኒት ተቆጣጣሪ ከገበያ እንዲወጣ ጠይቋል።

2. ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው፦ ኦሜፕራዞል ሲያቃጥል የሚዋጥ ማስታገሻ አይደለም። አሲድ የሚያመነጩት የጨጓራ ፓምፖች የሚነቁት ምግብ ሲመጣ ነው፤ መድኃኒቱ ቀድሞ ደም ውስጥ ገብቶ ሊጠብቃቸው ይገባል። ስለዚህ ከቁርስ በፊት ከ30 እስከ 60 ደቂቃ ቀድመህ በውኃ ዋጠው። እንክብሉን አታኝክ፤ በውስጡ ያሉት ቅንጣቶች ከአሲድ የሚጠብቃቸው ሽፋን አላቸው። በዓቢይ ጾም እስከ ዘጠኝ ሰዓት የምትቆይ ከሆነ፣ በመጀመሪያው ውኃ ወስደህ ግማሽ ሰዓት ታገሥና ብላ። ሕመሙ ከጸናብህ ለንስሐ አባትህ ንገር፤ ቤተ ክርስቲያን በታማሚ ላይ አትጨክንም።

3. ራስህ ገዝተህ ከሆነ በ14 ቀን አቁም፤ አራት ወር ሳይሞላም አትድገም። ከተመለሰብህ ሐኪም ይይህ። ሐኪም ሳያዝ ለዓመታት የሚውጡት አሉ፤ ይህ ያሳስበኛል፤ የማግኒዥየምና የቫይታሚን ቢ12 እጥረት ሊከተል ይችላል። ለወራት የወሰደ ሰው በድንገት ሲያቆም አሲዱ ለጥቂት ሳምንታት ያይላል። ሰውየው በሽታው የተነሣበት መስሎት እንደገና ይጀምራል። በሐኪም ምክር ቀስ በቀስ መቀነስ ይሻላል።

4. ኤች ፓይሎሪን ተመርመር። አውስትራሊያውያኑ ባሪ ማርሻልና ሮቢን ዋረን ይህ ባክቴሪያ የጨጓራ ቁስለት እንደሚያመጣ በማሳየታቸው በ2005 እ.ኤ.አ. ኖቤል ተሸልመዋል። የሰገራ ምርመራ ሊደረግልህ ከሆነ ኦሜፕራዞል እየወሰድክ መሆንህን ተናገር፤ ሁለት ሳምንት ካላቆምክ ባክቴሪያው እያለ «የለም» ሊል ይችላል። ከተገኘብህ ኦሜፕራዞል ከአንቲባዮቲኮች ጋር ይታዘዝልሃል። በአራተኛው ቀን ተሻለኝ ብለህ እንዳትተው፤ የተረፈው ባክቴሪያ መድኃኒቱን ይለምዳል።

5. ጨጓራህን እያመመህ ለወገብህ ዳይክሎፌናክ ወይም ኢቡፕሮፌን በራስህ አትውሰድ፤ ጨጓራን ያቆስላሉ። ነጩን ሽሮፕም ከብረት ኪኒን ቢያንስ ሁለት ሰዓት አራርቀው፤ ሲፕሮፍሎክሳሲንን ግን ከሽሮፑ ቢያንስ ሁለት ሰዓት ቀድመህ ወይም ስድስት ሰዓት ቆይተህ ውሰድ። ኩላሊትህን የሚያምህ ከሆነ ደግሞ ሽሮፑን ሳትጠይቅ አትንካው።

6. ተልባም አብሽም ብትጠጣ አልቆጣህም፤ ባክቴሪያውን ግን አያጠፉም። እራትህን ከመተኛትህ ሦስት ሰዓት በፊት ብላ፤ ካልሆነልህ ቢሮ ሳለህ በልተህ ውጣ። የአልጋህን ራስጌ ከፍ አድርግ፤ በግራ ጎንህ ተኛ። በርበሬውንና ቡናውን ሁሉ እርም አትበል፤ አንተን የሚጎዳህን ለይ።

7. ሰገራህ እንደ ሬንጅ ከጠቆረ፣ ደም ካስመለሰህ፣ ምግብ ሲወርድ ከተቀረቀረብህ ወይም ሳታስበው ከከሳህ መድኃኒት ቤት አትሂድ፤ ሐኪም ዘንድ ሂድ። ደረትህን ጨምድዶ ወደ ክንድህ ወይም ወደ መንጋጋህ ከዘለቀና ካላበህ ግን ልብህ ሊሆን ይችላል። ሽሮፕ ጠጥተህ አትጠብቅ፤ 907 ደውለህ የቀይ መስቀል አምቡላንስ ጥራ፣ ወይም ሰው ገርጂ ኮሪያ ሆስፒታል ያድርስህ። አንተ ራስህ መኪና አትንዳ።