ቄጠማው ከየት ይመጣል?



በቀዳም ስዑር ጠዋት ካህናት የሚያድሉንን ቄጠማ በግንባራችን አስረን ወደ ቤታችን እንመለሳለን። የኖኅ ርግብ ያመጣችውን ለምለም ቅጠል እንደሚያስታውሰንም ከልጅነታችን ጀምሮ ተምረናል። ቄጠማው ራሱ ምን ዓይነት ተክል እንደሆነ ግን እምብዛም አንጠያየቅም። እስቲ በዚሁ ላይ ጥቂት እንማማር።

ቄጠማ ሣር ይመስላል እንጂ ሣር አይደለም። ግንዱን በጣቶቻችን መካከል ብናሽከረክረው ሦስት ማዕዘን ያለው ሆኖ እናገኘዋለን፤ የሣር ግንድ ግን ድቡልቡል ነው። በሳይንስ ሳይፐረስ ከሚባለው ወገን ነው። የጣና ታንኳ የሚሠራበት ደንገልም ዘመዱ ነው። አበባም አለው፤ ዳሩ ግን እንደ አደይ አበባ ዓይን አይስብም። በግንዱ ጫፍ ላይ የምናየው ቡናማ ዘለላ አበባው ነው፤ ብናኙን የሚያደርስለት ነፋስ ስለሆነ ንብ የሚጠራበት ቀለም አያስፈልገውም።

ዋናው ነገር ያለው ከመሬት በታች ነው። በጭቃው ውስጥ አግድም የሚሄድ ግንድ ስላለው፣ በማጭድ ቢታጨድ መልሶ ያቆጠቁጣል። ከነሥሩ ከተነቀለ ግን ቦታው ባዶ ይቀራል። ይህ ሥር ደለል ይይዛል፣ ጎርፍ ያበርዳል፣ ውሃ ያጠራል።

እኛ በሰቶ ሰመሮና በአካባቢው የምንኖር ወጣቶች ይህን ሩቅ ሳንሄድ ማየት እንችላለን። አዌቱ ወንዝ የጅማን ከተማ ቆሻሻ ተሸክሞ ወደ ቦዬ ረግረግ ይወርዳል፤ ከዚያ ውሃው ወደ ግልገል ጊቤ ይቀጥላል። በ1996 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የግልገል ጊቤ ኃይል ማመንጫ ግድብም በዚሁ ወንዝ ላይ ነው። ይሁን እንጂ በረግረጉ ዙሪያ ለጡብ የሚሆን አፈር ይቆፈራል፣ ባሕር ዛፍ ይተከላል፣ ቦይ እየተቀደደ እርሻ ይገፋል። በቦዬ የሚራባው፣ ከአገጩ ሥር ሁለት ሥጋ የተንጠለጠለለት ትልቁ ክሬን በዓለም ደረጃ ለመጥፋት ከሚያሰጉት ወፎች አንዱ ነው። በአገራችን ክረምት ውሃ በሚይዙ ሜዳዎች ላይ እንደ ችቦ ቀጥ ብለው ከሚያብቡት ክኒፎፊያ ከሚባሉ አበቦችም ከኢትዮጵያ በቀር የትም የማይገኙ አሉ። ሜዳው ከደረቀ እነርሱን የምንፈልግበት ሌላ አገር የለም።

የኢሉባቦር ገበሬዎች ጨፌ የሚሉትን ቄጠማ ለቤት ክዳን ስለሚፈልጉት፣ ረግረጉ በሙሉ ታርሶ እንዳያልቅ የሚጠነቀቁ አሉ። ለእኛ ይህ ጥሩ ትምህርት ይመስለናል፤ የሚጠቀሙበትን ያውቁታልና።

ስለዚህ ለሚመጣው ቀዳም ስዑር ቄጠማ ለማምጣት የምትወርዱ ወንድሞችና እህቶች፣ ማጭድ ይዛችሁ ውረዱ። ከመሬት አራት ጣት ያህል ከፍ አድርጋችሁ እጨዱ፤ ከአንድ ቦታ ብቻ አትውሰዱ፤ አበባ የያዘውንም ዘሩን እስኪጥል ተዉት። ማጭድ የሌላችሁ ከጎረቤት ተዋሱ።