ኪዮቶን በእግር፦ የአንድ ቀን ጉብኝትና ትምህርቱ

የትምህርቱ ዓላማ

ታሪክን በክፍል ውስጥ ስናስተምር ተማሪው ብዙ ጊዜ የሚይዘው ዓመተ ምሕረትና የንጉሥ ስም ነው። ፈተናው ሲያልፍ ሁለቱም አብረው ያልፋሉ። በእግር እየሄዱ፣ ግድግዳ እየነኩ፣ «ይህ ለምን እዚህ ተሠራ?» እያሉ የተማሩት ትምህርት ግን ቶሎ አይረሳም። ስለዚህ በዘንድሮው የዓመት መጽሔታችን ተማሪዎቻችንንና ወላጆችን ይዘን ወደ ጃፓን ጥንታዊት ከተማ ወደ ኪዮቶ በሐሳብ ለመሄድ መርጠናል። መንገዳችን አስጎብኚዎች እንግዶችን በአንድ ቀን ውስጥ በእግር የሚያዞሩበት ዓይነት ነው፤ መጨረሻው ላይ ግን ብዙ ጎብኚ ሳያየው የሚያልፈው አንድ ቦታ ጨምረናል። እዚያ ስንደርስ ለምን እንደመረጥነው ይገባችኋል።

ስለ ጃፓን በአማርኛ መጻፍ አዲስ ነገር አይደለም። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1924 ዓ.ም. ጃፓንን ጎብኝተው ሲመለሱ «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» የሚል መጽሐፍ አሳትመዋል። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ግን ሁሉም በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከመነሣታችን በፊት

ኪዮቶን የቆረቆራት ንጉሠ ነገሥት ካንሙ ሲሆን ዘመኑም 794 ነበር። ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ንጉሠ ነገሥቱ ወደ ቶኪዮ እስከሄደበት እስከ 1869 ድረስ፣ ከአንድ ሺህ ዓመት በላይ፣ የነገሥታቱ መቀመጫ ሆና ቆየች። አሠራሯ የተወሰደው በዚያን ዘመን ከዓለም ታላላቅ ከተሞች አንዷ ከነበረችው ከቻይና ዋና ከተማ ከቻንግአን ነው። መንገዶቹ ከሰሜን ወደ ደቡብና ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ ቀጥ ብለው ስለሚሄዱ ከተማዋ ከላይ ስትታይ የዳማ ገበታ ትመስላለች። የኪዮቶ ልጆች የመንገዶቹን ስም በተራ የሚይዙበት የድሮ የልጆች ዘፈን አላቸው። መምህራን ይህን ልብ በሉ፤ ካርታ በዜማም ይጠናል።

ከተማዋ ያረጀች ናት ስንል ግን ቤቶቿ ሁሉ ያረጁ ናቸው ማለታችን አይደለም። ኪዮቶ የእንጨት ከተማ ነበረች፤ እንጨት ደግሞ ይቃጠላል። ከ1467 እስከ 1477 የተካሄደው የኦኒን ጦርነት አብዛኛውን ክፍሏን አጠፋ። በ1788 እና በ1864 የተነሡት ቃጠሎዎችም ሰፊውን ከተማ በሉት። በ1945 ደግሞ የአሜሪካ ጦር ለአቶሚክ ቦምብ ካጫቸው ከተሞች መካከል ኪዮቶ ነበረች። የጦር ሚኒስትሩ ሄንሪ ስቲምሰን ከዝርዝሩ እንድትወጣ አደረጉ፤ በምትኩ የገባችው ናጋሳኪ ተመታች። ስለዚህ ዛሬ በኪዮቶ መንገድ ላይ የምንሄድ ሰዎች የሌላዋን ከተማ ሕዝብ ሳናስብ ማለፍ አይገባንም።

ጠዋት፦ የፉሺሚ ኢናሪ በሮች

ጉብኝታችንን በማለዳ፣ ሰው ሳይበዛ፣ ከከተማዋ በስተ ደቡብ እንጀምራለን። ፉሺሚ ኢናሪ የሺንቶ እምነት መቅደስ ነው፤ ሺንቶ የጃፓናውያን የጥንት እምነት ነው። ኢናሪ ጥንት የሩዝ አዝመራ ጠባቂ ተብሎ ይከበር ነበር፤ በኋላ ነጋዴዎችም የሥራቸው ጠባቂ አደረጉት። በየቦታው የቆሙት የድንጋይ ቀበሮዎች የኢናሪ መልእክተኞች ናቸው ተብሎ ይታመናል።

ቦታውን በዓለም ያሳወቁት ግን በሮቹ ናቸው። «ቶሪ» የሚባሉ ብርቱካንማ ቀይ ቀለም የተቀቡ በሺዎች የሚቆጠሩ የእንጨት በሮች ተጠጋግተው ቆመው 233 ሜትር ከፍታ ያለውን ተራራ እስከ ላይ ድረስ ይከተላሉ። ስንወጣ ጣሪያ ያለው ረጅም መተላለፊያ ይመስለናል። ስንመለስ ግን ሌላ ነገር እናያለን፤ በየምሰሶው ጀርባ ላይ ጽሑፍ አለ። ጸሎት አይደለም፤ በሩን ያሠራው ሰው ወይም ድርጅት ስምና ያቆመበት ቀን ነው። እንጨቱ በዝናብ ሲበሰብስ በሩ ይነሣል፤ ሌላ ሰው ደግሞ በቦታው አዲስ ያቆማል። እንግዲህ ይህን ሁሉ ያቆመው አንድ ንጉሥ ወይም አንድ ባለጠጋ አይደለም። ብዙ ሰዎች እየተተካኩ አቆሙት። ይህን በአእምሯችን ይዘን እንቀጥል።

ረፋድ፦ ምስማር የሌለው አዳራሽ

ከዚያ በባቡር ወደ ሰሜን ተመልሰን በምሥራቁ ኮረብታ ላይ ወዳለው ወደ ኪዮሚዙ እንወጣለን። ይህ የቡድሃ እምነት ቤተ መቅደስ ነው። ስሙ «ንጹሕ ውኃ» ማለት ሲሆን ከሥሩ የሚፈልቅ ምንጭ አለ። የተመሠረተው በ778 ነው ይባላል፤ አሁን የምናየው ዋናው አዳራሽ ግን ከቃጠሎ በኋላ በ1633 እንደገና የተሠራ ነው።

አዳራሹ ከገደሉ አፍ ላይ ወደ ፊት ወጥቶ ከመሬት 13 ሜትር ያህል ከፍ ያለ ሰፊ የእንጨት መድረክ አለው። የሚሸከሙት ረጃጅም ወፋፍራም ግንዶች ናቸው። አናጢዎቹ ግንዶቹንና አግዳሚዎቹን እየቦረቦሩ አንዱን በሌላው ውስጥ ቆልፈው አገጣጠሟቸው እንጂ በምስማር አልያዟቸውም። የፊዚክስ ተማሪዎቻችን ይህን ልብ ይበሉ፤ ምድር ስትንቀጠቀጥ እንዲህ ያለው መገጣጠሚያ ትንሽ እየተንቀሳቀሰ ኃይሉን ይከፋፈለዋል። ጃፓን ደግሞ የመሬት መንቀጥቀጥ የማይለያት አገር ናት። ጣሪያው የተከደነው በዛፍ ቅርፊት ነው፤ ቅርፊቱ በየዘመኑ መታደስ ስላለበት በቅርቡም ብዙ ዓመት የወሰደ እድሳት ተደርጎለት በ2020 ተጠናቋል።

ጃፓናውያን አንድ ሰው ቆርጦ ከባድ ውሳኔ ሲወስን «ከኪዮሚዙ መድረክ ዘለለ» ይላሉ። አባባሉ ከእውነት የመጣ ነው። በድሮ ዘመን ስእለታቸው እንዲደርስ ብለው ከዚያ የሚዘሉ ሰዎች ነበሩ፤ በ1872 መንግሥት ከለከለው።

እዚህ ላይ ቆም ብለን እንጠይቅ። ሕንፃው ተቃጥሎ ከተሠራ፣ ጣሪያው በየጊዜው ከተቀየረ፣ አሮጌ የሚባለው ምኑ ነው? መልሱ ሙያው ነው። እንጨቱን የሚቆልፍ፣ ቅርፊቱን የሚልጥ፣ ጣሪያውን የሚከድን ሰው ሙያውን ለተተኪው ስላስተማረ ሕንፃው አለ። አንድ ትውልድ ማስተማሩን ቢተው ኖሮ ከቃጠሎው ሁሉ የከፋ ጥፋት በሆነ ነበር።

ቀትር፦ ከድንጋይ ደረጃ እስከ ጊዮን

ከኪዮሚዙ ቁልቁል የሚወስዱት ሳኔንዛካና ኒኔንዛካ የሚባሉ የድንጋይ መንገዶች ናቸው። በግራና በቀኝ የእንጨት ቤቶች፣ የሸክላና የሻይ መሸጫዎች ተደርድረዋል። ከጣሪያዎቹ በላይ 46 ሜትር ቁመት ያለው ባለ አምስት ደርብ የያሳካ ግንብ ይታያል፤ የአሁኑ ግንብ የተሠራው በ1440 ነው።

ቁልቁለቱን ጨርሰን የያሳካን መቅደስ አልፈን ጊዮን ወደሚባለው ሰፈር እንገባለን። ስሙ ከእኛ ግዮን ጋር ቢመሳሰልም ዝምድና የለውም። በየዓመቱ በሐምሌ የሚከበረው የጊዮን በዓል መነሻው በ869 የተነሣ ወረርሽኝ ነው፤ ሕዝቡ በሽታው እንዲርቅለት ለመማጸን የጀመረው ሥርዓት እስከ ዛሬ ይከበራል። በበዓሉ የሚጎተቱት ግዙፍ ያጌጡ ሠረገላዎች የመንግሥት አይደሉም፤ እያንዳንዱን የሚጠብቀው፣ የሚጠግነውና በገመድ እያሰረ የሚገጣጥመው የአንድ ሰፈር ሕዝብ ነው።

ጊዮን የሙዚቃና የውዝዋዜ ባለሙያ ሴቶች የሚሠሩበትና የሚኖሩበት ሰፈር ነው። ተለማማጆቹ «ማይኮ» ይባላሉ። ጎብኚዎች መንገድ ላይ እየዘጉባቸው ፎቶግራፍ ለማንሣት ስላስቸገሯቸው፣ በ2024 የሰፈሩ ነዋሪዎች የግል የሆኑትን ጠባብ መንገዶች ለጎብኚ ዘጉ። ጥሩ አስጎብኚ እዚህ ሲደርስ ድምፁን ዝቅ ያደርጋል፤ እንግዶቹም እንዲሁ እንዲያደርጉ ይነግራቸዋል። ቱሪስት የሚያየው ነገር ሁሉ የሰው ቤት ደጃፍ ነው። እኛም በሰው አገር የምንኖር ስለሆንን ይህ ትምህርት አይጠፋንም፤ እንግዳ በጨዋነቱ ይታወቃል።

ከሰዓት በኋላ፦ ገበያውና ረጃጅሞቹ ቤቶች

የካሞን ወንዝ በሺጆ ድልድይ ተሻግረን ወደ መሃል ከተማ እንገባለን። «የኪዮቶ ማድቤት» የሚባለው የኒሺኪ ገበያ 390 ሜትር ያህል ርዝመት ያለው ጣሪያማ ጠባብ መንገድ ሲሆን ከመቶ በላይ ሱቆች አሉበት። ዓሣ፣ በጨው የቆየ አትክልት፣ ቶፉ፣ ሻይ፣ የወጥ ቤት ቢላዋ ይሸጥበታል። እየሄዱ መብላት እንደ ነውር ስለሚታይ የገዛነውን እዚያው ሱቁ ፊት ቆመን እንበላለን።

በዚህ አካባቢ የድሮ ነጋዴዎች ቤት ፊቱ ጠባብ፣ ወደ ውስጥ ግን ረጅም ነው። ጃፓናውያን «የኢል መኝታ» ይሉታል፤ ኢል እንደ እባብ የረዘመ ዓሣ ነው። ከፊት ሱቁ፣ ቀጥሎ መኖሪያው፣ በመካከሉ ብርሃንና ነፋስ የሚያስገባ ትንሽ ግቢ፣ ከኋላ ደግሞ ዕቃ ቤቱ ይገኛል።

የቀኑ መጨረሻ፦ በምድጃ የተቆጠረ መዋጮ

ከገበያው ጥቂት ደቂቃ ወደ ምዕራብ ተጉዘን ከአንድ የቆየ ትምህርት ቤት ደጃፍ ላይ እንቆማለን። ስሙ ሜይሪን ነበር፤ የአሁኑ ሕንፃ በ1931 የተሠራ ነው። ብዙ ጎብኚ ሳያየው የሚያልፈው ያልነው ቦታ ይህ ነው።

በ1869 ንጉሠ ነገሥቱ ወደ ቶኪዮ ሲሄድ መኳንንቱና ብዙ ነጋዴዎች ተከተሉት። ኪዮቶ ከአምስት ዓመት በፊት ከደረሰባት ቃጠሎ ገና አላገገመችም ነበር፤ ሕዝቧ ከተማችን ልትሞት ነው ብሎ ፈራ። ያደረገው ነገር ግን የሚያስገርም ነው። በዚያው በ1869 ዓመት ውስጥ በየሰፈሩ የተከፋፈለው ሕዝብ 64 የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶችን ከፈተ። የጃፓን መንግሥት አገር አቀፍ የትምህርት ሕጉን ያወጣው ከሦስት ዓመት በኋላ በ1872 ነው። የኪዮቶ ሰፈሮች መንግሥትን ቀደሙት ማለት ነው።

ገንዘቡ ከየት መጣ? አስተዳደሩ ረድቷል፤ ባለጠጎች ነጋዴዎችም ሰጥተዋል። ከዚህ ሌላ እያንዳንዱ ቤተሰብ የሚያዋጣው «የምድጃ ገንዘብ» የሚባል መዋጮ ነበር። ምድጃ ያለው ቤት ሁሉ ይከፍላል። ልጅ ያለውም የሌለውም፣ ልጁን ያሳደገውም ገና ያላገባውም። ትምህርት ቤቱ የተማሪው አባት ብቻ ሳይሆን የሰፈሩ ሁሉ ነውና። ሕንፃውም ለልጆች ብቻ አላገለገለም፤ የሰፈሩ መሰብሰቢያ፣ የጥበቃ ቦታና የእሳት አደጋ መቃኛ ማማ ጭምር ነበር። እድር ያለው ሕዝብ ይህን አሠራር ለመረዳት አስተርጓሚ አያስፈልገውም። «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» የሚባለው ይኸው ነው።

ታሪኩ ግን በደስታ ብቻ አይዘጋም። በሃያኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ በመሃል ከተማ የሚኖሩ ቤተሰቦች እየቀነሱ፣ ልጆችም እያነሱ ሄዱ። ከእነዚህ ትምህርት ቤቶች ብዙዎቹ ተጣመሩ ወይም ተዘጉ። ሜይሪን ከ2000 ጀምሮ የኪዮቶ የሥነ ጥበብ ማዕከል ነው፤ በክፍሎቹ ውስጥ ሠዓሊዎችና ተዋንያን ይሠራሉ። ትንሽ ወደ ሰሜን ስንሄድ የምናገኘው ሌላው ትምህርት ቤት ታትሱኢኬ ደግሞ ከ2006 ጀምሮ የማንጋ፣ ማለትም የጃፓን የሥዕል ታሪክ መጻሕፍት ሙዚየም ሆኗል። ሕዝቡ ሕንፃዎቹን አላፈረሰም፤ ቢሆንም የጠዋት ደወል የሚደወልላቸው ልጆች እዚያ የሉም።

ለእኛ ምን ይሰጠናል?

የእኛም ትምህርት ቤት የኮሙኒቲ ትምህርት ቤት ነው። የሚቆመው በወላጅ ክፍያ፣ በአባላት መዋጮና በፈቃደኞች ጉልበት ነው። በየጠቅላላ ጉባኤው አንድ ጥያቄ ይነሣል፤ «ልጆቼ ጨርሰዋል፣ እኔ ለምን አዋጣለሁ?» የሚል። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ኑሮ ከብዷልና የሚጠይቀውን ሰው አንነቅፈውም። መልሳችን ግን የኪዮቶ ሰዎች መልስ ነው፤ ትምህርት ቤቱ የሚቆጠረው በልጅ ሳይሆን በምድጃ ነው። በቤቱ አማርኛ የሚነገርበት፣ ቡና የሚፈላበት ሁሉ ባለቤቱ ነው።

ለተማሪዎቻችን የምንለው ደግሞ ይህ ነው። ቋንቋችሁ እንደ ኪዮሚዙ ጣሪያ በየጊዜው መታደስ አለበት። ወላጆቻችሁ ያወቁትን ካልተቀበላችሁ፣ እናንተም ለታናናሾቻችሁ ካላስተማራችሁ፣ የቆመው ሕንፃ ብቻውን አማርኛ አይናገርም።

የመልመጃ ጥያቄዎች

1. የፉሺሚ ኢናሪ በሮችና የጊዮን በዓል ሠረገላዎች በምን ይመሳሰላሉ?
2. ተቃጥሎ የተሠራን ሕንፃ «ጥንታዊ» ማለት ይቻላል? ሁለት ምክንያት ሰጥታችሁ ተከራከሩ።
3. የኪዮቶ ሕዝብ ከተማው ሲዳከም ለምን በትምህርት ቤት ጀመረ? በገበያ ወይም በፋብሪካ ቢጀምር ኖሮ ምን ይለይ ነበር?
4. የቡድን ሥራ፦ አምስት አምስት ሆናችሁ በምንኖርበት ከተማ የግማሽ ቀን የእግር ጉብኝት አዘጋጁ። ስድስት ቦታ ምረጡ፤ ቢያንስ አንዱ የእኛ ኮሙኒቲ የሠራው ወይም የሚጠቀምበት ይሁን። ቦታውን ማን እንደሠራው፣ በማን ገንዘብ፣ አሁን ማን እንደሚጠብቀው ከአዋቂዎች ጠይቃችሁ ጻፉ። በሰው ደጃፍ ስታልፉ ድምፃችሁን ዝቅ አድርጉ፤ ፎቶግራፍ ከማንሣታችሁ በፊት ፈቃድ ጠይቁ።

ከቀረቡት መካከል የተሻለውን ጉብኝት በመጪው ዓመት መጀመሪያ ላይ አዘጋጆቹ ራሳቸው አስጎብኚ ሆነው፣ ወላጆችና መምህራን ተከትለናቸው እንሄድበታለን። ምቹ ጫማ ማድረግ እንዳይረሳ።