የጠፋው ዲኤልኤል የማን ነው?

ፕሮግራም ሲከፈት «እንዲህ የሚባል ዲኤልኤል ስላልተገኘ መጀመር አልተቻለም» የሚል መልእክት ሲመጣ፣ በፈረስ ቤትም ሆነ በቡሬ የጽሕፈትና የፎቶ ኮፒ ቤት የሚታዘዘው መድኃኒት ብዙ ጊዜ ከሁለት አያልፍም፤ ወይ ፋይሉን በስሙ ፈልጎ ማውረድ፣ ወይ ፎርማት ማድረግ። ሁለቱም አንድ ነገር ይዘልላሉ። ዲኤልኤል ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ የሚጠሩት ኮድ ነው፤ ሰፈሩ ሁሉ እንደሚያስፈጭበት ወፍጮ ባለቤት አለው። መጀመሪያ መለየት ያለበት ይህ ባለቤት ነው፤ እሱ ከታወቀ መጠገኛው ይታወቃል።

መልእክቱን ከመዝጋትዎ በፊት ስሙን እስከ ቁጥሩ ይጻፉ። የመጀመሪያው ወገን ከርነል32፣ ዩዘር32፣ ኤንቲዲኤልኤል የመሳሰሉት ናቸው፤ የዊንዶውስ የራሱ ናቸው። እነዚህ በእርግጥ ቢጠፉ ኮምፒውተሩም ባልተነሣ ነበር፤ ስለዚህ መልእክቱ ከርነል32ን ጠርቶ «መግቢያ ነጥብ አልተገኘም» ካለ፣ ፋይሉ ጤነኛ ነው፣ ፕሮግራሙ ግን ከፍ ያለ ዊንዶውስ ይፈልጋል። የዊንዶውስ ፋይል ተበላሽቷል የሚል ጥርጣሬ ካለ ኮማንድ ፕሮምፕትን በአድሚኒስትሬተር ከፍቶ የኤስኤፍሲን ፍተሻ ማስኬድ ይበቃል።

ብዙውን ጊዜ የሚያስቸግረው ሁለተኛው ወገን ነው፤ በኤምኤስቪሲፒ፣ በኤምኤስቪሲአር ወይም በቪሲራንታይም የሚጀምር ስም። ባለቤቱ ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ነው፤ ዘመኑንም ቁጥሩ ይናገራል። 100 የ2010፣ 110 የ2012፣ 120 የ2013፣ 140 ደግሞ ከ2015 ወዲህ ያለው እትም ነው (ሁሉም በፈረንጅ አቆጣጠር)። መፍትሔው የዚያን እትም ሙሉ ጥቅል ከማይክሮሶፍት አምጥቶ መጫን ነው። ዊንዶውሱ ባለ 64 ቢት ቢሆንም ባለ 32 ቢቱንም ጥቅል ይጨምሩ፤ ባለ 32 ቢት ፕሮግራም የሚጠራው እሱን ነውና።

ሦስተኛው ወገን ፕሮግራሙ በራሱ ፎልደር ይዞት የመጣው ነው። እዚህ ላይ ፕሮግራሙን እንደገና ከመጫንዎ በፊት የአንቲቫይረሱን መዝገብ ይዩ፤ ክራክ በተደረገ ሶፍትዌር ውስጥ «ጠፋ» የሚባለው ዲኤልኤል ብዙ ጊዜ አንቲቫይረሱ ያገደው ክራኩ ራሱ ነው። እገዳውን አንስቶ መመለስ ዘበኛውን አባርሮ በር መክፈት ስለሆነ አይመከርም።

«ከጓደኛ ኮምፒውተር ኮፒ አድርጌ ሠራልኝ» የሚል ይኖራል። ሊሠራ ይችላል፤ ስሙ አንድ የሆነ ፋይል ግን እትሙም ቢቱም ሊለያይ ይችላል። ወጥመዱን የሚያባብሰው የማይክሮሶፍት አሰያየም ነው። በባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ሲስተም32 የተባለው ፎልደር ባለ 64 ቢቱን ይይዛል፤ ባለ 32 ቢቱ የሚቀመጠው 64 የሚል ቁጥር ባለው ሲስዋው64 ውስጥ ነው። የድሮ ፕሮግራሞች እንዳይሰናከሉ ሲባል ነባሩ ስም ስላልተቀየረ ነው እንጂ ሎጂክ አይፈለግበትም። በስሙ ተመርቶ የገለበጠ ሰው በ7ቢ የሚያበቃ የስሕተት ቁጥር ሊገጥመው ይችላል፤ ያ የቢት መደባለቅ የተለመደ ምልክት ነው። ፎርማት ማድረግም ቢሆን ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስን ይዞ አይመጣም፤ ያው መልእክት ተመልሶ ይመጣል፣ የደንበኛ ፋይል ደግሞ በከንቱ ይጠፋል።

ጠንከር ያለው ተቃውሞ የኢንተርኔት ነው። በአማራ ክልል ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ተቋርጦ ነበር፤ በዚያ ጊዜ ከማይክሮሶፍት አውርዱ ማለት ፌዝ ነበር። ይህ ግን መመደቡን የበለጠ አስፈላጊ ያደርገዋል። የ140ው ሁለት ጥቅሎች ተደምረው 50 ሜጋባይት አይሞሉም። ኔትወርክ ባለበት ቀን፣ ፍኖተ ሰላም በተሄደበት አጋጣሚም ቢሆን፣ አንድ ጊዜ ይውረዱ፤ በእትምና በቢት በተከፈሉ ፎልደሮች፣ የደንበኛ ፍላሽ በማይነካው ዲስክ ላይ ይቀመጡ። ከመጫንዎ በፊት በፋይሉ ላይ ራይት ክሊክ አድርገው በፕሮፐርቲስ ውስጥ የማይክሮሶፍት ዲጂታል ፊርማ መኖሩን ይዩ።

ለምደባው የማይገዛ አንድ ስም አለ፤ በኤፒአይ-ኤምኤስ-ዊን-ሲአርቲ የሚጀምረው። መልኩ የሁለተኛው ወገን ቢሆንም በዊንዶውስ 10 የሲስተሙ አካል ነው፤ በዊንዶውስ 7 ላይ ደግሞ ኬቢ2999226 በተባለው ማሻሻያ ይመጣል። ማይክሮሶፍት ለዊንዶውስ 7 የሚሰጠውን ድጋፍ ጥር 2012 ዓ.ም. ቢያቆምም፣ እሱን የጫነ ማሽን እስካለ ድረስ ይህም ማሻሻያ ከጥቅሎቹ ጎን ይቀመጥ።