ስለ ሠርግ ዝግጅትና ስለ ጭንቀቱ

ጋብቻ ከጥንት ጀምሮ የተከበረ ሥርዓት ነው። ሁለት ሰዎች አንድ ቤት ይሠራሉ፤ ሁለት ወገኖችም በእነርሱ ምክንያት ይዛመዳሉ። ስለዚህ የሠርግ ቀን የደስታ ቀን ነው። ነገር ግን ብዙ ጊዜ እንደሚታየው ቀኑ በቀረበ መጠን በቤቱ ውስጥ ደስታው እየቀነሰ ጭንቀቱ እየበዛ ይሄዳል። አባት ስለ ገንዘቡ ያስባል፤ እናት ስለ ጠላውና ስለ ወጡ እንቅልፍ ታጣለች፤ ሙሽራው ስለ ጥሎሹ ይጨነቃል፤ ሙሽራዪቱም በልቧ ያለውን ለማንም ሳትናገር ዝም ትላለች።

እነዚህን ጭንቀቶች አንድ በአንድ ለሚመረምር ሰው ሁለት ዓይነት ሆነው ይገኛሉ። አንደኛው ዓይነት «ሰው ምን ይለናል?» ከሚል ፍርሃት የሚወለድ ነው። ሁለተኛው ዓይነት «ከሠርጉ በኋላ እንዴት እንኖራለን?» ከሚል አሳብ የሚወለድ ነው። ፊተኛው ከእንግዶቹ ጋር መጥቶ ከእንግዶቹ ጋር ይሄዳል። ሁለተኛው ግን ከባልና ከሚስት ጋር በቤት ይቀራል። ብልህ ሰው አስቀድሞ ለሁለተኛው መልስ ይፈልጋል፤ ሞኝ ሰው ግን ለፊተኛው ሲደክም ሁለተኛውን ይረሳል።

1. ከሁሉ በፊት ሊጠየቅ የሚገባው

አንድ ወጣት ለማግባት ባሰበ ጊዜ ወላጆቹ ሽማግሎች መርጠው ወደ ልጅቱ ቤት ይልካሉ። ሽማግሎቹም ስለ ወገን፥ ስለ ጠባይና ስለ ሀብት ይነጋገራሉ። ይህ መልካም ልማድ ነው፤ አመዛዝኖ የሚናገር ሰው በመካከል መኖሩ ብዙ ጥልን ያስቀራል። ነገር ግን ሽማግሎቹ ሁሉን ጨርሰው ሲመለሱ ሳትጠየቅ የቀረችው ሙሽራዪቱ ራስዋ ብትሆን፥ ነገሩ ከሥሩ ተበላሽቷል።

በኦሪት ዘፍጥረት እንደ ተጻፈው የአብርሃም ሎሌ ለይስሐቅ ሚስት ሊፈልግ በሄደ ጊዜ፥ የርብቃ ወገኖች ልጅቱን ጠርተው ከሰውዬው ጋር ለመሄድ ትወድድ እንደ ሆነ ጠየቋት፤ እርስዋም ፈቃድዋን በራስዋ አፍ ተናገረች። በዚያ በጥንት ዘመን እንኳ እንዲህ ከተደረገ፥ ዛሬ ልጅን ያለ ፈቃድዋ ማጋባት ምክንያት የለውም። የኢትዮጵያ ሕግም ይህን ይከለክላል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለሴት ልጅ የጋብቻን ዕድሜ 15 ዓመት አድርጎት ነበር፤ በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ግን ለወንድም ለሴትም 18 ዓመት አደረገው፤ የሁለቱም ነጻና ሙሉ ፈቃድ እንዲኖርም አዘዘ። ይህ የተደረገበት ምክንያት ግልጽ ነው። አካልዋ ሳይጠና የምትወልድ ልጅ በምጥ ትጎዳለች፤ ከትምህርቷም ትቀራለች።

ስለ ፈቃድ የሚጠየቀው ጥያቄ ግን በጉባኤ መካከል ቢጠየቅ አይጠቅምም። ልጅቱ ሽማግሎቹን ስለምታፍር አንገትዋን ትደፋለች፤ እነርሱም ዝምታዋን እንደ እሺታ ይቆጥሩታል። ስለዚህ እናትዋ ወይም አክስትዋ ለብቻዋ አስቀምጣ ሳትቸኩል ታነጋግራት። «አልወድም» ብትልም ሳትቆጣ ትስማት። ከሠርጉ በፊት የተነገረ እንቢታ የአንድ ቀን ኀፍረት ነው፤ ከሠርጉ በኋላ የሚወጣ እንቢታ ግን የሁለት ቤት ኀዘን ነው።

ሙሽሮቹም እርስ በርሳቸው ሊጠያየቁት የሚገባ ነገር አለ። ይኸውም የት እንደሚኖሩ፥ ወላጆቻቸውን ምን ያህል እንደሚረዱ፥ ቀድሞ የተበደሩት ዕዳ እንዳለ፥ ስለ ጤንነታቸውም ሁለቱ በአንድነት ወደ ሐኪም ሄደው ደማቸውን ስለ መመርመር ነው። ይህን መጠየቅ አለመተማመን አይደለም፤ የመተማመን መጀመሪያ ነው እንጂ።

2. ስለ ቀኑ

በኢትዮጵያ ሠርግ የሚበዛው በጥር ወር ከጥምቀት በኋላ፥ ደግሞም ከፋሲካ በኋላ ነው። በጥር እህሉ ተወቅቶ ወደ ጎተራ ይገባል፤ የእርሻ ሥራ ይቀልላል፤ መንገዱም ደረቅ ነው። በኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ግን በጾም ወራት ሠርግ አይደረግም። ዐቢይ ጾምም በየዓመቱ በአንድ ቀን አይገባም፤ ከየካቲት 1 ቀን አይቀድምም፥ ከመጋቢት 5 ቀንም አያልፍም። የነነዌ ጾም ደግሞ ከርሱ 2 ሳምንት ቀድሞ 3 ቀን ይጾማል። እንግዲህ ጾሙ ቶሎ በሚገባበት ዓመት ከጥምቀት እስከ ዐቢይ ጾም ያለው ጊዜ 3 ሳምንት እንኳ አይሞላም። በዚያን ዓመት በአንድ ሳምንት ብዙ ዳስ ይጣላል፤ ዘመድም ወዴት እንደሚሄድ ይቸገራል፤ የወጥ ቤት ሴቶችም አይገኙም። ስለዚህ ቀን የሚቆርጥ ሰው አስቀድሞ የዓመቱን ባሕረ ሐሳብ ይጠይቅ፤ ከቅርብ ዘመዶቹም ጋር ይማከር።

ቀኑ ከተቆረጠ በኋላ ሥራው ሁሉ ከሠርጉ ዕለት ወደ ኋላ እየተቆጠረ ይከፈላል። ጠጅ እስኪበስል ሳምንታት ይፈልጋል። ለጠላው ብቅል ማብቀል፥ ጌሾ መውቀጥና ጋን ማጠን አለ። በርበሬውም ይቀነጠሳል፥ ይታጠባል፥ ይደርቃል፥ ይደለዛል፥ እንደገናም ደርቆ ከቅመሙ ጋር ይፈጫል። ይህን ሁሉ ለመጨረሻው ሳምንት ያቆየ ቤት «ሰርገኛ መጣ፤ በርበሬ ቀንጥሱ» የተባለው ይደርስበታል። ከጭንቀት የሚበዛው እጅ የመጣው ከሥራው ብዛት ሳይሆን ሥራው በአንድ ቀን ላይ ስለሚከመር ነው። ሥራውን ለጎረቤትና ለዘመድ ከፋፍሎ፥ ለእያንዳንዱም ቀን ወስኖ የሰጠ ሰው እንቅልፍ ያገኛል።

3. ስለ እንግዶቹ ቁጥር

ጌታችን ግንብ ለመሥራት ያሰበ ሰው አስቀድሞ ተቀምጦ ወጪውን እንደሚቈጥር በወንጌል አስተምሯል። ሠርግም እንዲሁ ነው። «ብዙ ሰው ይመጣል» ማለት ቍጥር አይደለም። የሚጠሩት ሰዎች ስም በወረቀት ተጽፎ ይቈጠር። በባልትና ሥርዓት አንዲት ዶሮ 12 ብልት ይወጣታል፤ ስለዚህ ለእያንዳንዱ እንግዳ አንድ ብልት ቢታሰብ ለ120 እንግዶች 10 ዶሮ፥ ለ240 እንግዶች 20 ዶሮ ያስፈልጋል ማለት ነው። እንጀራውም፥ ቅቤውም፥ መጠጡም እንደዚሁ ይታሰብ። ቍጥሩ በወረቀት ላይ ከታየ በኋላ ፍርሃት ይቀንሳል፤ ገንዘቡ የማይበቃ እንደ ሆነም ገና ጊዜ ሳለ ይታወቃል።

«ያልጠራነው ሰው ይቀየመናል» የሚለው ጭንቀት እውነት አለበት። መድኃኒቱ ግን ሁሉን መጥራት አይደለም፤ ለሁሉ እኩል የሆነ ሥርዓት ማውጣት ነው። የእድሩ ሰዎች የሚጠሩ ከሆነ ሁሉም ይጠሩ፤ የማይጠሩ ከሆነም ማንም ከመካከላቸው አይመረጥ። ሰው በሥርዓት ቢቀር ይታገሣል፤ ተለይቶ ቢተው ግን ያዝናል። ብድር ሊመልስ የማይችለውን ድሀም መርሳት አይገባም፤ ለርሱ የተሰጠ ቍራሽ ለባለጠጋ ከተደረደረው ማዕድ ይልቅ በእግዚአብሔር ፊት የከበረ ነው።

4. ስለ ዕዳ

ለምሳሌ በአንድ የደጋ አገር የሚኖሩ ሁለት ጎረቤታሞች ገበሬዎች ይታሰቡ። ሁለቱም በአንድ ጥር ልጆቻቸውን ዳሩ። ለእያንዳንዳቸው አንድ ጥማድ በሬ ነበራቸው።

ፊተኛው ገበሬ «ከሰው ማነስ የለብኝም» አለ። ስለዚህ ከሁለቱ በሬዎች አንዱን አረደ፤ ለዘር ያስቀመጠውንም እህል ለጠላና ለእንጀራ አወጣው፤ ያነሰውንም ገንዘብ በአራጣ ተበደረ። እንግዶቹም በሉ፥ ጠጡ፥ ጨፈሩ፤ «እንዲህ ያለ ድግስ አላየንም» ብለው መርቀው ሄዱ። ሰኔ በገባ ጊዜ ግን ዝናሙ ዘነበ፤ አንድ በሬም ብቻውን አያርስም። ሰውዬው መቀናጆ ፍለጋ ከቤት ወደ ቤት ዞረ። አንድ በሬ ያለው ጎረቤት ቢያገኝም ያ ሰው አስቀድሞ የራሱን መሬት አረሰ፤ የርሱ መሬት ዘግይቶ ተዘራ፤ ዘሩንም በብድር አገኘው። ልጁም ጎጆ ሊወጣ አስቦ ሳለ ለአራጣው ወለድ በሰው መሬት ላይ በቀን ሠራተኛነት ዋለ። ከሁሉ ይልቅ የሚያሳዝነው ስለ ሙሽራዪቱ ነው። ድግሱን እርስዋ አላዘዘችም፤ ነገር ግን ቤቱ በተራበ ጊዜ «ይህ ሁሉ የመጣው ባንቺ ሠርግ ነው» የሚል ቃል ከአማትዋ አፍ ሰማች። ሁለቱ ሙሽሮች ገና ሳይፋቀሩ ዕዳው በመካከላቸው ተቀመጠ።

ሁለተኛው ገበሬ ሽማግሎቹን በቤቱ ሰብስቦ «አቅሜ ይህ ነው፤ ዘሬንና በሬዎቼን አልነካም» ብሎ በግልጥ ነገራቸው። ድግሱም ጠላና ዶሮ ወጥ፥ ድፎ ዳቦም ነበረ። ጥቂት ሰዎች አጕረመረሙ፤ ብዙዎቹ ግን በልተው መረቁ። እርሱም ለበሬ መግዣ ሊወጣ ይችል ከነበረው ገንዘብ ለልጁና ለምራቱ አንዲት ጊደር ሰጣቸው። በሰኔም በራሱ ጥማድ አረሰ። ጊደርዋ በወለደች ጊዜ በዚያ ቤት ወተት ነበረ፤ ያጕረመረሙትም ሰዎች ማጕረምረማቸውን ረስተውት ነበር።

በከተማም ቢሆን ነገሩ ያው ነው፤ በሬው ስሙን ለወጠ እንጂ። በከተማ በሬ የሚባለው የመጀመሪያው ዓመት የቤት ኪራይና ቀለብ ነው። ለአዳራሽ፥ ለመኪናና ለልብስ ሲባል ይህ ገንዘብ የወጣ እንደ ሆነ ሙሽሮቹ ኑሮን በዕዳ ይጀምራሉ። እንግዲህ አስቀድሞ የዓመቱ ኪራይና ቀለብ ለብቻው ይቀመጥ፤ ከዚያ የተረፈው ለሠርጉ ይሁን። ሠርግ ያሰበ ወጣትም ከሠርጉ በኋላ ዕዳ ከሚከፍል ከሠርጉ በፊት ዕቁብ ቢጥል ይሻለዋል። የሚከፍለው ገንዘብ እኩል ቢሆን እንኳ አንዱ በነጻነት ሌላው በሥጋት የሚከፈል ነው።

5. በዕለቱ ስለሚጎድል ነገር

ምንም በጥንቃቄ ቢዘጋጁ በሠርግ ቀን አንድ ነገር ሳይጎድል አይቀርም። በቃና ዘገሊላም ሠርግ የወይን ጠጁ አልቆ ነበር። በዚያ ጊዜ የጌታ እናት ጉድለቱን በአደባባይ አላወራችም፤ ባለቤቶቹንም አልነቀፈችም፤ ሊረዳ ለሚችለው ብቻ ነገረች። አሳላፊዎቹም የታዘዙትን አደረጉ። የድግሱ አለቃ መጠጡ ከወዴት እንደ መጣ እንኳ አላወቀም ነበር።

ከዚህ ሦስት ነገር እንማራለን። ጉድለት በተከበረ ቤትም ይደርሳል፤ ስለዚህ እንደ ውርደት አይቈጠር። ሁለተኛም፥ ጉድለትን ከሚረዳ ሰው መደበቅ አይገባም፤ ስለዚህ ከሠርጉ በፊት አንድ ታማኝ ሰው ተመርጦ የጎደለው ሁሉ ለርሱ ብቻ ይነገር፤ ሙሽሮቹ ግን በዚያ ቀን ስለ ጋንና ስለ ሌማት አይጠየቁ። ሦስተኛም፥ እንግዳ ሆኖ የተቀመጠ ሰው የጎደለውን አይቶ ዝም ማለት፥ ቢችልም ተነሥቶ መርዳት ይገባዋል። መልካም ሠርግ የባለቤቱ ሥራ ብቻ አይደለም፤ የእንግዳውም ነው።

6. እንግዶቹ ከሄዱ በኋላ

ዳሱ ከፈረሰ፥ ምላሹም ከተፈጸመ በኋላ የሚቀር ሥራ አለ። በ1992 ዓ.ም. በወጣው ሕግ ጋብቻ በክብር መዝገብ ሹም ፊት፥ ወይም በሃይማኖት ሥርዓት፥ ወይም በባህል ሥርዓት ሊፈጸም ይችላል፤ በየትኛውም ቢፈጸም መመዝገብ አለበት። ብዙ ሰዎች ለድግሱ ወራት ሲደክሙ ለዚህ አንድ ጠዋት ይሰንፋሉ። ነገር ግን ሞት ወይም ክርክር በመጣ ጊዜ ለሚስትና ለልጆች የሚመሰክርላቸው የተጠጣው ጠጅ አይደለም፤ የተጻፈው ወረቀት ነው። ስለ ንብረታቸው ውል ሊያደርጉ የሚወዱም ከጋብቻቸው በፊት ወይም በዚያው ቀን በጽሑፍ ያድርጉት።

እንግዲህ ለሠርግ መጨነቅ ኀጢአት አይደለም፤ ሰው ለሚወደው ነገር ይጨነቃልና። ነገር ግን ጭንቀት ሁሉ እኩል ዋጋ የለውም። ቤት የሚሠሩ ሰዎች በሚመጣው ሰኔ ጥማዳቸው በበረት፥ ዘራቸው በጎተራ፥ ፍቅራቸውም በልባቸው ካለ ሠርጋቸው አምሮ ነበር።

ጥያቄዎች

1. የሠርግ ጭንቀት ስንት ዓይነት ነው? የትኛው አስቀድሞ መልስ ሊያገኝ ይገባዋል?
2. ስለ ፈቃድዋ ሙሽራዪቱን በሽማግሎች ፊት መጠየቅ የማይጠቅመው ስለ ምንድን ነው?
3. ለ180 እንግዶች ለእያንዳንዱ አንድ ብልት ቢታሰብ ስንት ዶሮ ያስፈልጋል?
4. የፊተኛው ገበሬ ዕዳ በሙሽሮቹ ላይ ምን አመጣ? ጥፋቱስ የማን ነበረ?
5. በከተማ ለሚኖሩ ሙሽሮች «በሬው» ምንድን ነው?