የፊልም አንሺ ሙያና የጣና ዳርቻ

ሲኒማ ቤት የሚገባ ሰው ሁሉ የተዋናዮቹን ስም ይጠይቃል፤ አስተዋይ የሆነው ደግሞ የአዘጋጁን ስም ይጨምራል። ነገሩን አይቶ በካሜራ የቀረጸውን ፊልም አንሺ የሚያስታውሰው ግን ጥቂት ነው። ስለዚህ ይህን ሙያ የጣናን አካባቢ ታሪክ ባነሣ በአንድ ሰው ሥራ እያስረዳን እናቀርባለን። ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የሲኒማ ካሜራ በአንድ ሴኮንድ 24 ፎቶግራፎች ያነሣል። እነዚህ በተከታታይ ሲታዩ ዓይናችን ለይቶ ሊቈጥራቸው ስለማይችል ሥዕሉ የሚንቀሳቀስ ይመስለናል። የአንሺው ዋና ተግባር ብርሃንን መመጠን ነው። የድመት ዓይን በቀን ጠቦ በሌሊት እንደሚሰፋ፥ የካሜራውም ቀዳዳ እንደ ብርሃኑ መጠን ይጠባል፥ ይሰፋል። በባሕር ዳር እኩለ ቀን ላይ ፀሐይ ከአናት በላይ ስትሆን የሰው ዓይን ከቅንድቡ ሥር በጥላ ይሰወራል፤ ጧትና ማታ ግን ብርሃኑ በአግድም ስለሚመጣ ፊት ይገለጣል፥ ሐይቁም ያበራል። እንግዲህ ገበሬ ዝናቡን እንደሚጠብቅ ፊልም አንሺም ፀሐይዋን ይጠብቃል።

ማሪዮ ማሲኒ ኢጣሊያዊ የፊልም አንሺ ናቸው። ካርሜሎ ቤኔ ያዘጋጀውን «የቱርኮቹ እመቤታችን» የተባለ ፊልም አንሥተው፥ ፊልሙ በ1968 በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት አገኘ። በ1977 ደግሞ የታቪያኒ ወንድማማቾች ያዘጋጁት፥ እርሳቸው ያነሡት «ፓድሬ ፓድሮኔ» በካን ከተማ የወርቅ ዘንባባ ተሸለመ። ታሪኩ የጋቪኖ ሌዳ ነው፤ በሰርዲኒያ ደሴት አባቱ ገና በሕፃንነቱ ከትምህርት ቤት አውጥቶ እረኛ አደረገው፤ ኋላ ግን ተምሮ የቋንቋ ሊቅ ሆነ። ይህ ታሪክ ለእኛ አገር ልጅ እንግዳ አይደለም።

የጎንደሩ ተወላጅ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ «ጤዛ»ን ጽፈው ሲያዘጋጁ ካሜራውን የያዙት እኚሁ ማሲኒ ነበሩ። ፊልሙ በጀርመን አገር ተምሮ በጣና አካባቢ ወዳለው መንደሩ የተመለሰውን የአንበርብርን ሕይወትና የደርግን ዘመን መከራ ያሳያል። በ2008 በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማትና የድርሰት ሽልማት፥ በ2009 በዋጋዱጉ ታላቁን ሽልማት አገኘ። ማሲኒ ያነሡት ፊልም በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት ሲያገኝ፥ ከመጀመሪያው እስከዚህ 40 ዓመት ሆኖት ነበር።

የኢጣሊያ ካሜራ ወደ አገራችን ሲመጣ ግን ይህ የመጀመሪያው አልነበረም። በ1935 የፋሺስት መንግሥት ሉቼ በተባለው የፊልም ድርጅቱ ውስጥ ለምሥራቅ አፍሪቃ ልዩ ክፍል አቋቁሞ፥ አንሺዎቹን ከወራሪው ጦር ጋር አሰልፎ ነበር። በዚያ ፊልም ኢትዮጵያዊ የሚታየው ወራሪው እንደ ፈለገው ነው። በ«ጤዛ» ግን ኢጣሊያዊው አንሺ ኢትዮጵያዊ የጻፈውን፥ ኢትዮጵያዊ ያዘዘውን አነሣ። መሣሪያው ያው ካሜራ ነው፤ ልዩነቱ የታሪኩ ባለቤት ማን ነው በሚለው ላይ ነው።

ካሜራውንም ራሳችን የያዝንበት ምሳሌ አለ። በሐረር ያደገችው ጄሲካ በሺር በ2021 ለሕዝብ የቀረበውን «ፋያ ዳዪ»ን ራሷ አዘጋጅታ ራሷ አንሥታዋለች።

ተማሪዎች ሆይ፥ ዛሬ ካሜራ በየኪሳችን ባለው ስልክ ውስጥ አለ፤ የጎደለው ማየት መማር ነው። የአንድን ሰው ፊት በአንድ ቦታ ጧት፥ በቀትርና ማታ አንሥታችሁ ሦስቱን አስተያዩ። በፊዚክስ ክፍል የተማራችሁት የብርሃን ሕግ በዚያ ፊት ላይ ተጽፎ ታገኙታላችሁ። የዓባይ ማዶን ገበሬ፥ የጣናን ታንኳ ቀዛፊ፥ የእናቶቻችንን ድካም ለማሳየት ሌላ ሰው ከሩቅ እስኪመጣ መጠበቅ አይገባንም፤ እኛ ያላነሣነውን ሌላው እንደ መሰለው ያነሣዋልና።